ገጠር በመኪና መስኮት አይታይም

ቬትናም ሲባል መጀመሪያ ምን ትዝ ይላችኋል? መቼም ብዙዎቻችን ፊልም ላይ ያየነው ነው፤ ሄሊኮፕተር፣ ጫካ፣ ቆስሎ የሚያቃስት የአሜሪካ ወታደር። የአገሩ ገበሬ ቢታይ እንኳ ከሩቅ ነው፤ ያቺን ሾጣጣ ባርኔጣ ደፍቶ ሲሮጥ። ጦርነቱ ካበቃ ግን፣ ማለትም እ.ኤ.አ. ከኤፕሪል 30 ቀን 1975 ወዲህ፣ ግማሽ ምዕተ ዓመት አልፏል። ያ ከሩቅ ሲሮጥ ያየነው ገበሬ ዛሬ እንዴት ይኖራል? ምን ይበላል? ምን ያስቀዋል? የዛሬው ጨዋታችን ስለዚህ ነው።

አጋጣሚው እንዲህ ነው። ጀርመን አገር የምትኖረው የአክስቴ ልጅ ለራሷና ለባሏ የስድስት ቀን ጉዞ ከፍላ ነበር። ባልየው ሥራ ያዘውና ቀረ፤ ዕጣው ለእኔ ወጣ። «ብቻ ብስክሌት መንዳት ትችያለሽ አይደል?» አለችኝ በስልክ። በልጅነቴ በሰዓት እየተከራየሁ የሰፈራችንን መንገድ የጨረስኩ ሰው ነኝ፤ «ይህማ ምን አላት!» አልኳት።

ጉዞው እንደለመድነው ዓይነት አይደለም። ሃምሳ ሰው በአንድ አውቶቡስ ታጭቆ፣ «በስተቀኝ ተራራ፣ በስተግራ ወንዝ» እየተባለ የሚሄድበት ሳይሆን ጥቂት ሰዎች ቀን በብስክሌትና በእግር እየሄዱ፣ ማታ ገበሬ ቤት የሚያድሩበት ነው። እኛ ስምንት ነበርን፤ እኔና የአክስቴ ልጅ፣ ጡረታ የወጡ ባልና ሚስት፣ ሁለት ጓደኛሞች ነርሶች፣ አንዲት አስተማሪ፣ እንዲሁም ስልኩ ከእጁ የማይለይ አንድ ጎረምሳ። የአገሩ ተወላጅ የሆነ አስጎብኚ ከፊታችን፣ ሻንጣችንን የጫነ ሚኒባስ ከኋላችን። በቃ፣ ይኸው ነው።

ዕድሜሽ ስንት ነው?

ማይ ቻው ከዋና ከተማዋ ከሃኖይ በስተደቡብ ምዕራብ 140 ኪሎ ሜትር ያህል ትርቃለች። ዙሪያዋን ተራራ ያጠራት ሸለቆ ናት። እኛ የደረስነው በግንቦት መጨረሻ፣ ሩዙ ቢጫ ሆኖ አጨዳ በሚጀመርበት ሰሞን ነው። ከሚኒባሱ ወርደን ብስክሌት ላይ ስንወጣ ነገሩ ሁሉ ተለወጠ። በመኪና መስኮት የሩዝ ማሳ ማለት ቀለም ነው፤ ፎቶ ታነሱታላችሁ፣ ያልፋል። በብስክሌት ሲሆን ግን ይሸታችኋል፤ እርጥብ ጭዱ፣ ጭቃው፣ የጎሹ እበት። ውሃው በቦዩ ሲወርድ ትሰማላችሁ። ሽቅብ ሲሆን ታለከልካላችሁ፤ ስታለከልኩ ደግሞ ማሳ ውስጥ ያለችው ሴትዮ ቀና ብላ ትስቅባችኋለች። እሷም እናንተን ታያለች ማለት ነው። ዋናው ቁም ነገር እሱ ነው።

ከሁሉ የገረመኝ የሰላምታቸው ነገር ነው። መንገድ ላይ ያገኘናቸው ሰዎች «ሲን ቻው» ብለው ሰላም ካሉን በኋላ በአስጎብኚው በኩል የሚጠይቁን አንድ ነገር ነው፤ «ዕድሜሽ ስንት ነው?» ነርሶቹ ደነገጡ። «ይኸ ይጠየቃል እንዴ?» ዓይነት ተያዩ። ነገሩ ግን ነውር አይደለም። ቬትናምኛ እንደ እንግሊዝኛ ለሁሉም የሚሆን አንድ «አንተ» የለውም። የሚያናግሩት ሰው በዕድሜ ይበልጣቸው ወይም ያንሳቸው እንደሆነ ካላወቁ ወሬ መጀመር ይቸግራቸዋል። ታናሽ «ኤም» ነው፤ ታላቅ እህት «ቺ»፣ ታላቅ ወንድም «አኝ»፣ አክስት «ኮ»፣ ሴት አያት «ባ»። የማያውቁትንም ሰው በዚሁ የዘመድ ስም ነው የሚጠሩት።

ታዲያ እኔን ምን ይደንቀኛል? «አንተ ልበል ወይስ አንቱ?» እያልኩ ስጨነቅ ያደግሁ፣ የሰፈሩን ሰው ሁሉ «ጋሼ» እና «እትዬ» ስል የኖርኩ ልጅ ነኝ። ከስምንታችን መሀል ጥያቄው ቶሎ የገባን እኔና የአክስቴ ልጅ ብቻ ነበርን። አስጎብኚያችን በአምስት ዓመት ይበልጠኛል፤ ከዚያች ሰዓት ጀምሮ እኔ «ኤም»፣ እሱ «አኝ» ሆንን።

ጭፈራው እና ጓዳው

ያረፍንበት ቤት የነጭ ታይ ሰዎች ቤት ነው። በቬትናም መንግሥት የታወቁ 54 ብሔረሰቦች አሉ፤ ታዮቹ እ.ኤ.አ. በ2019 በተደረገው ቆጠራ 1.8 ሚሊዮን ያህል ናቸው። ቤታቸው በእንጨት ምሰሶ ላይ የቆመ ነው፤ በደረጃ ነው የሚወጣው። ድሮ ከሥሩ ከብት ይታሰር ነበር፤ ዛሬ የሽመና ዕቃውና ሞተር ብስክሌቱ ይቆሙበታል። ጫማችሁን ደረጃው ሥር ታወልቃላችሁ። ላይ ስትወጡ ወለሉ የተሰነጠቀ ቀርከሃ ነው፤ ሲረግጡት ይለጠጣል። ፍራሽ በተርታ ተነጥፎ፣ በየላዩ አጎበር ተሰቅሏል። የግል ክፍል፣ የሚቆለፍ በር ብሎ ነገር የለም። ጡረተኛው ሰውዬ ሲያንኮራፉ ስምንታችንም እንሰማለን።

ማታ ላይ ከመንደሩ ወዲያኛው ጫፍ ድምፅ ማጉያ ተከፈተ። በትልልቅ አውቶቡስ የመጡ እንግዶች አሉ፤ ለእነሱ ጭፈራ ተዘጋጅቷል። እኛም ሄድን። ሴቶቹ ረጅም ቀሚስ ለብሰው በቀርከሃ ዘንግ መሀል እግራቸውን እያሾለኩ ይጨፍራሉ፤ ዘንጎቹ ይገጠማሉ፣ ይለያያሉ፤ የዘገየ እግሩን ይቀረጠፋል። ከዚያ አንድ ጋን የሩዝ መጠጥ መጣ፤ ሁሉም ዙሪያውን ከቦ በረጅም የቀርከሃ ቧንቧ ይመጠዋል። ቆንጆ ነው፤ አይካድም። ሰዓቱ ሲደርስ ግን ሙዚቃው ተዘጋ፣ አውቶቡሱም ተነሳ።

ከጨፋሪዎቹ አንዷ የኛ ቤት እመቤት ነበሩ። ቤት ሲገቡ የጭፈራ ልብሳቸውን አውልቀው፣ የሰፈር ቀሚሳቸውን ለብሰው ሳህን ማጠብ ጀመሩ። አንድ ጥያቄ ከነከነኝና በአስጎብኚው በኩል ጠየቅኳቸው፤ «ለእንግዳ ሲባል መጨፈር አይከብድም?» ሳህኑን እያጠቡ መለሱ፤ «ጭፈራው የኛ ነው። ሰዓቱ ነው የእንግዳ።»

ይህን መልስ ሳስበው አደርኩ። ሠርግ ላይ የሚጨፈረው ጭፈራ በየቀኑ በሰዓት ሲጨፈር ምን ይሆናል? ይሞታል የሚሉ አሉ። እሳቸው ግን ሌላም ነገር ነገሩኝ። ሴት ልጃቸው ከሃኖይ ወዲያ ባክ ኒን በሚባለው ክፍለ አገር ፋብሪካ ገብታ ነው የምትኖረው፤ በዓል ካልሆነ አትመጣም። ወንድ ልጃቸው ግን ቀርቷል። የቀረውም እንግዳ ስለሚመጣ ነው፤ ብስክሌቱን የሚጠግነው፣ እራቱን የሚሠራው እሱ ነው። እንግዲህ ፍረዱ። እንግዳ ጭፈራውን በሰዓት ያስለካል፤ እንግዳ ደግሞ ልጅን እናቱ ዘንድ ያስቀራል። ሁለቱም እውነት ነው።

ባለስልኩ ጎረምሳ

ከዚያ በፊት ስለዚያ ጎረምሳ ላውጋችሁ። ክፉ ልጅ አይደለም፤ ዓይኑ ግን ስልኩ ውስጥ ነው። በማግስቱ ጠዋት የቤቱ አያት ሽመናቸው ላይ እንደተቀመጡ ስልኩን አፍንጫቸው ሥር ደቀነው። አሮጊቷ ፊታቸውን አዞሩ፤ እሱ ዞሮ መጣ። አስጎብኚው ጠጋ አለና በለሆሳስ፣ «ያንተ አያት ቢሆኑ እንዲህ ታደርጋለህ?» አለው። ልጁ ቀላ።

በኋላ በብስክሌት ስንዞር ሴቶች የታጨደውን ሩዝ ነዶ ሲያመላልሱ አገኘን። በትከሻቸው አንድ የቀርከሃ ዘንግ፣ በግራና በቀኙ ጭነት፤ እንደ ሚዛን እያወዛወዙ ይራመዳሉ። ጎረምሳው ስልኩን ኪሱ ከተተና በምልክት «ልሞክር?» አላቸው። ሰጡት። ሦስት እርምጃ ሄዶ ተንገዳገደ፤ ጭነቱ ወዲህ ሲል እሱ ወዲያ። ሴቶቹ በሳቅ ፈረሱ። ከዚያ ምን ሆነ መሰላችሁ? አንዷ ከወገቧ የራሷን ስልክ አውጥታ ቪዲዮ ታነሳው ጀመር! የመንደሩ ሰው ማታውን ሲስቅበት እንዳመሸ እገምታለሁ። ልጁም አብሮ ሳቀ። ከዚያች ቀን ወዲያ ሳይጠይቅ ፎቶ ሲያነሳ አላየሁትም።

ቡናችን በሰው አገር

ቬትናም በቡና ምርት ከብራዚል ቀጥላ ሁለተኛ ናት። ቡና ወደ አገሩ የገባው እ.ኤ.አ. በ1857 ገደማ በፈረንሳይ ሚስዮናውያን አማካይነት ነው። ዛሬ በብዛት የሚያመርቱት በመካከለኛው ደጋ ሲሆን፣ ዓይነቱ ሮቡስታ የሚባለው ነው፤ ጠንካራና መራራ። የእኛው፣ መገኛው ኢትዮጵያ የሆነው፣ አረቢካ ነው። እነሱ ቡናውን በትንሽ የብረት ማጥለያ ጠብ ጠብ እያደረጉ፣ ከሥር የጣሳ ወተት ጨምረው፣ አንዳንዴም በበረዶ ይጠጡታል። ወተቱ ወፍራምና በጣም ጣፋጭ ነው።

እኔ ከአዲስ አበባ ስነሳ እናቴ ግማሽ ኪሎ ጥሬ ቡና ቋጥራልኝ ነበር። በሁለተኛው ማታ አውጥቼ ለእመቤቷ አሳየኋቸው። ፍሬውን በጥርሳቸው ነክሰው አዩት። ወዲያው ብረት ምጣድ መጣ። እኔ ቆላሁ፣ ልጃቸው በወጥ ቤቱ ሙቀጫ ወቀጠ፣ ጀበና ስለሌለ በማንቆርቆሪያ አፈላን። ጭሱ ሲነሳ እንደ አገራችን በእጄ እየሳብኩ ለአያቲቱ አሸተትኳቸው። ያቺ ፊቷን ከስልክ ያዞረችው ባልቴት ዓይኗን ጨፍና በረጅሙ ሳበች። ከዚያ ስኒውን ተቀብላ ቀመሰች፤ ፊቷን አጨማደደች፤ የወተቱን ጣሳ አስመጥታ ሁለት ማንኪያ ጨመረችበት። ጉድ እኮ ነው! ግን ምን እላለሁ? ቤቱ የሷ ነው። «አቦል፣ ቶና፣ በረካ» ብዬ ሦስቱን ስቆጥርላቸው እየተሳሳቁ ደገሙልኝ። ያን ማታ ድምፅ ማጉያ አልነበረም፤ ሰዓት የሚቆጥርም አልነበረም።

በእግር የሚቀዘፍ ጀልባ

ከማይ ቻው ቀጥሎ ያለው ፑ ሉዎንግ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1999 የተከለለ የተፈጥሮ ጥብቅ ቦታ። እዚያ በእግር ነው የሄድነው። ተራራው ከላይ እስከ ታች በእርከን ተከርክሞ ሩዝ ተዘርቶበታል። ወንዙ ዳር ከቀርከሃ የተሠሩ ትልልቅ መንኮራኩሮች ቆመዋል፤ ወንዙ ራሱ ያሽከረክራቸዋል፣ እነሱ ደግሞ ውሃውን ቀድተው ከፍ ወዳለው ማሳ ይደፋሉ። ነዳጅ የለ፣ መብራት የለ። ሌትና ቀን እያንቃጨሉ ይዞራሉ።

የመጨረሻው ኒን ቢን ነው። እዚያ ያለችው ሆዋ ሉ እ.ኤ.አ. ከ968 እስከ 1010 የአገሪቱ ዋና ከተማ ነበረች፤ ከዚያ መንግሥቱ ወደ ዛሬዋ ሃኖይ ተዛወረ። አካባቢው ከሜዳ ድንገት የሚነሱ የኖራ ድንጋይ ተራሮች ናቸው፤ ቻንግ አን የሚባለው ክፍል እ.ኤ.አ. በ2014 በዩኔስኮ ተመዝግቧል። ታም ኮክ ላይ በጀልባ በሦስት ዋሻ ሥር ታልፋላችሁ። ቀዛፊዎቹ ጋለል ብለው በእግራቸው ነው የሚቀዝፉት! እጃቸው አረፍ ይላል፣ መንገዱ ግን አይቆምም።

እዚያ ሜዳ ላይ በብስክሌት ስንሄድ በሩዙ መሀል መቃብር አየን። አስጎብኚያችን እንደነገረን በሰሜኑ ልማድ ሟች ከተቀበረ ከሦስት ዓመት ገደማ በኋላ ዘመድ አጽሙን አውጥቶ፣ አጥቦ፣ በትንሽ ሣጥን አድርጎ ዳግም ያሳርፈዋል። አያቱ ያረሱትን ማሳ የልጅ ልጁ ሲያርስ አያቱ እዚያው አጠገቡ ናቸው። ከአውቶቡስ መስኮት ብታዩት ድንጋይ ነው የሚመስላችሁ።

ልሂድ ለምትሉ

እንግዲህ ለመሄድ ላሰባችሁ ያየሁትን ልምከር። አንደኛ፣ ቪዛው እ.ኤ.አ. ከኦገስት 2023 ወዲህ ለማንኛውም አገር ዜጋ በኢንተርኔት ይጠየቃል፤ እስከ 90 ቀን ድረስ ይሰጣል። ሁለተኛ፣ በግንቦት ሙቀቱ አይቻልም፤ ጠዋት በማለዳ መንዳት፣ እኩለ ቀን ላይ ጥላ መፈለግ ነው። ከመሄዳችሁ በፊት ጥቂት ሳምንት ብስክሌት ተለማመዱ። ሦስተኛ፣ ጿሚ ከሆናችሁ «አን ቻይ» በሉ፤ ሥጋ አልበላም ማለት ነው። ቡዲስቶቻቸውም በጨረቃ ወር 1ኛና 15ኛ ቀን ሥጋ ስለሚተዉ ይገባቸዋል። አራተኛ፣ ከመክፈላችሁ በፊት ሦስት ነገር ጠይቁ፤ ስንት ሰው ነን? አስጎብኚው የየት አገር ልጅ ነው? የምናድርበት ቤት ባለቤት ማን ነው? ለሦስተኛው መልስ ከሌላቸው ገንዘባችሁ መንደሩ አይደርስም።

አምስተኛው በገንዘብ አይገዛም። ከቤታችሁ አንድ ነገር ይዛችሁ ሂዱ፤ የምትሰጡት፣ የምታሳዩት፣ የምታስተምሩት። ባዶ እጁን የሄደ ሰው ተመልካች ሆኖ ይመለሳል። ግማሽ ኪሎ ቡና ደግሞ ከማናችንም ቤት አይጠፋም።

ቸር እንሰንብት!