ስሙን ያልሸሸገ ተጫዋች

አንዱ ሥራ ትናንት በደል፥ ዛሬ ክብር ሆኖ ሲቈጠር ከሠሪው ይልቅ ሚዛኑን የያዘውን እጅ መመርመር ይገባል። ለዚህ ነገር የአሜሪካዊው የጂም ቶርፕ ታሪክ በቂ ምስክር ነው።

ቶርፕ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1887 ገደማ፥ ኋላ ኦክላሆማ በተባለው ምድር፥ ከሳክና ፎክስ ነገድ ተወለደ። በወገኖቹ ቋንቋ የወጣለት ስም ዋ-ቶ-ሁክ ነው፤ ይኸውም «ብሩህ መንገድ» ተብሎ ይተረጐማል። በፔንሲልቬንያ ወደ ነበረው ወደ ካርላይል ትምህርት ቤት ተላከ፤ ያም ቤት የነባሮቹን ነገዶች ልጆች ከቋንቋቸውና ከልማዳቸው ለይቶ እንደ ነጮች ለማድረግ የቆመ ነበር። በዚያ ፖፕ ዋርነር ከሚባል አሠልጣኝ ዘንድ የአሜሪካን እግር ኳስ ተማረ። ይህ ጨዋታ በስሙ የእግር ይባል እንጂ፥ ሞላላውን ኳስ በክንድ ታቅፎ የሚሮጥበት፥ ተከላካዩም ሯጩን ይዞ የሚጥልበት ነው። በኖቬምበር 1912 ካርላይል የዌስት ፖይንትን የጦር ትምህርት ቤት 27 ለ 6 ድል ሲነሣ፥ ከተሸነፉት መካከል ኋላ ፕሬዚዳንት የሆነው አይዘንሃወር ነበረበት።

ከዚያም ጥቂት ወራት አስቀድሞ፥ በስቶክሆልም ኦሊምፒክ በፔንታትሎንና በዲካትሎን አንደኛ ወጥቶ ሁለት የወርቅ ሜዳይ ተቀብሎ ነበር። ዳሩ ግን በ1909 እና በ1910 በሰሜን ካሮላይና ለጥቂት ደመወዝ ቤዝቦል መጫወቱ በጃንዋሪ 1913 ተሰማ። የዚያ ዘመን ኦሊምፒክ በገንዘብ የተጫወተን ሰው አይቀበልም። በዕረፍት ወራት እንዲሁ የሚያደርጉ የኮሌጅ ተማሪዎች ብዙዎች ነበሩ፤ እነርሱ ግን ስማቸውን ይለውጡ ነበር። ቶርፕ በገዛ ስሙ ተጫወተ። ስለዚህ የሸሸጉት አመለጡ፥ ያልሸሸገው ተያዘ። ደንቡ ክስ በ30 ቀን ውስጥ ይቅረብ ሲል፥ ይህ ክስ ከስድስት ወር ያህል በኋላ መጣ፤ ያም ሆኖ ተፈረደበት። ሜዳዮቹ ተወሰዱ፥ ስሙም ከአሸናፊዎች መዝገብ ተፋቀ።

በ1915 በኦሃዮ የሚገኘው የካንተን ቡድን ለአንድ ጨዋታ 250 ዶላር ሊከፍለው ተስማማ። በገንዘብ የሚደረገው እግር ኳስ በኮሌጆች ዘንድ የተናቀ ነበር፤ የቶርፕ ስም ግን ተመልካች ሳበለት። በ1920 የቡድኖቹ ባለቤቶች በካንተን በአንድ የመኪና መሸጫ ተሰብስበው ማኅበር ሲያቆሙ፥ የመጀመሪያ ፕሬዚዳንት አድርገው ቶርፕን መረጡ። ይህ ማኅበር በ1922 ስሙን ለውጦ ዛሬ ኤን ኤፍ ኤል የሚባለው ሆነ። ሜዳይ ያስወሰደበት ደመወዝ፥ ስምንት ዓመት ሳይሞላ መንበር አስገኘለት። በ1924 ብቻ ነው በአገሩ የተወለዱት ነባር ሕዝቦች ሁሉ ዜግነት በሕግ የተሰጣቸው፤ እርሱ ግን ከዚያ 12 ዓመት አስቀድሞ ለአገሩ ድል አምጥቶ ነበር።

ከዚህ በኋላ ስሙ ለሌሎች ገበያ ሆነ። በ1922 እና በ1923 አንድ የውሻ ነጋዴ ከነባር ነገዶች ብቻ ያቆመውን ቡድን እንዲመራ ቀጠረው፤ ቡድኑም የነጋዴውን ውሾች ለማስታወቅ በዕረፍቱ ሰዓት ትርኢት ያሳይ ነበር። ቶርፕ በ1928 ጨዋታን ተወ። ከዚያም በሲኒማ አነስተኛ ክፍል እየሠራ፥ መሬትም እየቈፈረ ኖረ፤ በ1953 ዐረፈ። ሚስቱ ሬሳውን በፔንሲልቬንያ ላሉ ሁለት ከተሞች ሰጠች፤ እነርሱም በ1954 ተዋሕደው «ጂም ቶርፕ» ተባሉ። ልጆቹ አጥንቱ ወደ ኦክላሆማ እንዲመለስ ቢሟገቱም፥ በ2014 በይግባኝ ተረቱ።

በ1983 የሜዳዮቹ ምሳሌ ለልጆቹ ተሰጠ፤ ነገር ግን ድሉን ከሌሎች ጋር ተካፋይ ሆኖ ተጻፈ። ብቸኛ አሸናፊ ተብሎ የታወቀው በ2022 ነው። በዲካትሎን ሁለተኛ የነበረው የስዊድኑ ዊስላንደር ሜዳዩን ከቶ እንዳልተቀበለ ቤተሰቡ መሰከረ።

ቅኔ ዐዋቂ ይህን ቢፈታው፥ ሰሙ ሜዳዩ፥ ወርቁ ስሙ ነው ይል ነበር። ሜዳይን ዳኛ ይሰጣል፥ ዳኛም ይነሣል፤ በገዛ ስሙ የቆመ ሰው ግን መዝገቡ እስኪታረም 109 ዓመት ቢፈጅም ሳይጠፋ ይጠብቃል።