የወጋየሁ ድምፅ በኤረር በር

ሐረሪዎች «አርጎብ በሪ» በሚሉት፣ እኛ ግን ኤረር በር ብለን በለመድነው የጀጎል ምሥራቃዊ በር ያደገ ሰው ጎጃምን በምን ያውቀዋል? እኔስ ማንኩሳንም ዲማ ጊዮርጊስንም ያወቅሁት በወጋየሁ ንጋቱ ጉሮሮ ነው። የሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» በ1958 ዓ.ም. ቢታተምም፣ እኛ ሰፈር የደረሰው ከዓመታት በኋላ፣ «ከመጻሕፍት ዓለም» በተሰኘው የሬዲዮ ዝግጅት ነበር።

ወጋየሁ የመድረክ ሰው ነው፤ የጸጋዬ ገብረ መድኅንን ተውኔቶች የተጫወተ። እንዲህ ያለ ተዋናይ ሬዲዮ ፊት ሲቀመጥ ልብሱም፣ መብራቱም፣ የፊቱም ቆዳ ይቀርበታል። የምትተርፈው ትንፋሽ ናት። በዚያችው ትንፋሽ ፊታውራሪ መሸሻን ሆኖ ይደነፋል፤ ወዲያው ጉዱ ካሳን ሆኖ በፊታውራሪ ይሳለቃል። አንዲት ሐረሪ ጎረቤታችን አማርኛቸው ከገበያ አያልፍም ነበር። ሆኖም ፊታውራሪ አፋቸውን ሲከፍቱ፣ «ይኼ ሰውዬ ክፉ ነው» ይሉ ነበር። ቃሉን ማን ተረጎመላቸው?

አንድ ወዳጄ «ወጋየሁ መጽሐፉን ነጥቆናል» ይላል። አባባሉ ያናድደኛል፤ ግን ጉዱ ካሳን በራሴ ድምፅ ላነበው ሞክሬ ሦስት ገጽ አልዘለቅሁም። ነጠቀን እንዳልል ደግሞ፣ እሱ ባይኖር ጎረቤታችን ከዚያ መጽሐፍ ምን ይደርሳቸው ነበር?

ወጋየሁ በ1982፣ ሐዲስ በ1996 ዓ.ም. አረፉ። ካሴቱ አርጅቶ ትረካው ዛሬ በስልክ ይዞራል። በቀደም ባጃጅ ውስጥ ሾፌሩ ከፍቶት አገኘሁት። ፊታውራሪ ተቆጥተው ነበርና፣ ኤረር በር ደርሰን ሳለ አልወረድኩም።