ድምፅ የሚውጥ አገር

ከጎንደር ከተማ ተነሥቶ ወደ ደባርቅ የሚያመራ መንገደኛ ሠላሳ ኪሎ ሜትር ያህል እንደ ተጓዘ ኮሶዬ ይደርሳል። ከመኪናው መንገድ ጥቂት ፈቀቅ ሲሉ ደጋው በድንገት ይቋረጥና ገደል ይሆናል። ከገደሉ በታች ተራራና ሸለቆ የተነባበረበት ቆላ እስከ ዓይን ማብቂያ ድረስ ተዘርግቶ ይታያል። በአፋፉ ላይ ጭላዳ ዝንጀሮዎች ሣር እየነጩ ይውላሉ። ልጅነቴን ያሳለፍሁት በዚህ አፋፍ በግ ስጠብቅ ነው።

በክረምት ወራት ከቆላው ጉም እየተግተለተለ ይወጣና አገሩን ሁሉ ይሸፍነዋል። በዚያን ጊዜ አያቴ ከምድጃው አጠገብ ተቀምጣ፣ «ዛሬም ያ ድምፅ የሚውጠው አገር መጣ» ትለን ነበር። በዚያ አገር ውሻ ቢጮኽ አይሰማም፤ እናት ልጇን ብትጠራ ስሙ ከአፏ እንደ ወጣ ይዋጣል። እኔም ይህን ሰምቼ በሐሳቤ ብዙ ነገር ጨመርሁበት። የሰውን ድምፅ ሁሉ እየሰበሰበ በቅል ውስጥ የሚያሽግ ንጉሥ ከገደሉ በታች የሚኖር ይመስለኝ ነበር።

ዐሥራ ሁለት ዓመት በሆነኝ ዘመን፣ መስከረም በጠባ በሳምንቱ፣ ያን አገር በእውነት ያየሁት መሰለኝ። በዚያ ቀን ከሰባት ዓመት ታናሽ ወንድሜ ጋር በጎቹን አሰማርተን ነበር። እኔ ግን ወደ ደባርቅ የሚያልፉትን መኪናዎች ለማየት ጓጓሁና፣ «አሁን እመለሳለሁ፤ ከበጎቹ እንዳትለይ» ብዬው ወደ መንገዱ ሮጥሁ። ስመለስ ጉሙ አፋፉን ሸፍኖታል። ወንድሜም በጎቹም የሉም።

በስሙ ጠራሁት፤ መልስ የለም። ደግሜ ጠራሁት፤ አሁንም የለም። የገደሉን ጥልቀት ባሰብሁ ጊዜ ጉልበቴ ከዳኝ። እየጮኽሁ ወደ መንደር ሮጬ አባቴንና ጎረቤቶቻችንን ይዤ ተመለስሁ። ሁሉም በየአቅጣጫው ተበትነው ይጣሩ ጀመር። አንዱ ከወዲህ፣ ሌላው ከወዲያ ይጮኻል። እናቴ ታለቅሳለች፤ ውሾችም ይጮኻሉ። ከሁሉ ይልቅ አብዝቼ የምጮኸው ግን እኔ ነበርሁ፤ ወንድሜን ጥዬው የሄድሁ እኔ ነኝና። ድምፄን ከፍ ባደረግሁ መጠን ጥፋቴ የሚቀልልኝ ይመስለኝ ነበር።

በዚህ ሁኔታ ብዙ ከቆየን በኋላ አንድ አረጋዊ ጎረቤታችን በትራቸውን አንሥተው፣ «እረ ዝም በሉ እናንተ ሰዎች! የምንጣራው መልስ ፈልገን ከሆነ መልሱ በየት ይግባ?» አሉ።

ሁላችንም ጸጥ አልን። እናቴ እንኳ ነጠላዋን በአፏ ነክሳ ልቅሶዋን ገታች። በመጀመሪያ ከቅጠል ላይ የሚንጠባጠበው ጤዛ ተሰማ። ቀጥሎ የነፋሱ ሹሹታ ተሰማ። ከዚያ በኋላ ከበታቻችን አንዲት በግ ስትጮኽ ሰማን። ከእርሷም አጠገብ፣ ከመድከሙ የተነሣ የሕፃን የማይመስል አንድ የሻከረ ድምፅ መጣ።

ወንድሜ ከአፋፉ ዝቅ ብላ በምትገኝ ጠባብ እርከን ላይ በጎቹን ታቅፎ ተቀምጦ ነበር። ስፍራው እኔ ቆሜ ከጮኽሁበት ከመቶ ርምጃ አይበልጥም። አባቴ በገመድ ወርዶ ሲያወጣው ደበሎው በጉሙ ርሷል፤ ጉሮሮውም ተዘግቷል። ወደ እኔ ተመልክቶ፣ «ስትጠራኝ ሁሉ እመልስልህ ነበር፤ አንተ ግን አታቆምም» አለኝ። ከቁጣ ይልቅ ይህ ቃል በልቤ ቀረ።

ዓመታት አልፈው ተማሪ በሆንሁ ጊዜ ስለ ድምፅ ጠባይ ተማርሁ። ድምፅ አየርን እያንቀጠቀጠ ይጓዛል፤ ሙቀቱ 20 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በሆነ አየር ውስጥ በአንድ ሴኮንድ 343 ሜትር ያህል ይሄዳል። አየር በሌለበት ስፍራ ግን ድምፅ ሊያልፍ አይችልም። ስለዚህ ድምፅ የሚውጥ አገር ቢፈለግ አንዱ ጨረቃ ናት። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1969 ለመጀመሪያ ጊዜ በዚያ የተራመዱት ሁለት ሰዎች ጎን ለጎን ቆመው እንኳ የሚነጋገሩት በሬዲዮ ነበር።

የኮሶዬ ጉም ግን እንደ ጨረቃ አይደለም። በአየርላንድ የተወለደው የፊዚክስ ሊቅ ጆን ቲንዳል እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1873 በእንግሊዝ አገር በዶቨር አቅራቢያ መድፍ እያስተኮሰና ጥሩምባ እያስነፋ ድምፁ በባሕር ላይ ምን ያህል ርቆ እንደሚሰማ መርምሮ ነበር። በዚያ ዘመን ብዙ ሰዎች ጉም ድምፅን ያፍናል ብለው ያምኑ ነበር። እርሱ ያገኘው ግን ሌላ ሆነ። ሰማዩ በጠራበት በአንድ የሐምሌ ቀን የመድፉ ድምፅ ጥቂት ማይል ርቀት ላይ ሲጠፋ፣ በኋላ በጉም ቀን በተደረገው ምርመራ ድምፅ በደንብ ይሰማ ነበር። ዛሬ እንደሚታወቀው የድምፅን መንገድ የሚያጣምሙት በተለይ የነፋሱ አቅጣጫና የአየሩ ሙቀት ናቸው። በነፋስ ፊት የሚሄድ ድምፅ ርቆ ይሰማል፤ ነፋስን ተቃውሞ የሚሄድ ግን ወደ ላይ ይታጠፍና ከሰሚው ጆሮ በላይ ያልፋል።

ይህን ባነበብሁ ጊዜ ያን ቀን አስታወስሁ። ነፋሱ ጉሙን እየነዳ ከቆላው ወደ ደጋው ይነፍስ ነበር። እንግዲህ የወንድሜን ድምፅ ወደ እኛ ያመጣልን ነበር እንጂ አልቀማንም። ታላቅ ድምፅ ታናሹን ይሸፍናልና፣ የሸፈነው የእኛው ጩኸት ነበር። በቅል የሚያሽገው ንጉሥ ከገደሉ በታች አልነበረም፤ ከአፋፉ ላይ ቆሞ ይጮኽ ነበር።

አያቴ የነገረችንን ተረት ዛሬም እወደዋለሁ፤ ለልጆቼም እነግራቸዋለሁ። ነገር ግን ሰው ጠርቼ መልስ ባጣሁ ጊዜ፣ ድምፄን ከፍ ከማድረጌ በፊት ጥቂት ዝም እላለሁ።