አሥራ ሁለት ማልያ

በፈረንጆች ጁላይ 22 ቀን 2003 ማይክ ሲሊንጀር የተባለ የበረዶ ሆኪ ተጫዋች በአንድ ቀን ሁለት ጊዜ ተላልፎ ተሰጠ። ኮሎምበስ ዳሪል ሲዶር የሚባል ተከላካይ ፈልጎ ለዳላስ ሰጠው። ዳላስ ደግሞ ቴፖ ኑሚነን የሚባል ሌላ ተከላካይ ፈልጎ በዚያው ዕለት ለፊኒክስ ሰጠው። የዳላስን ማልያ አንዴም ሳይለብስ የዳላስ ሰው ሆነ፤ ቀኑ ሳያልቅም የፊኒክስ ሰው ሆነ። ልጁ ኮል እዚያው ኮሎምበስ ከተወለደ ገና ሁለት ወር አለፍ ብሎት ነበር።

እኛ ባልና ሚስት የምንኖረው በዚችው ኮሎምበስ፣ ኦሃዮ ነው። ሆኪ የእኛ ሰው ጨዋታ አይደለም። በልጅነታችን በረዶን የምናውቀው በክረምት የቤቱን ቆርቆሮ ሲደበድብ ነው። ልጃችን ግን ከትምህርት ቤት ጓደኞቹ ለመደውና እኛም አብረነው ማየት ጀመርን፤ የሲሊንጀርንም ታሪክ የነገረን እርሱ ነው። ከዚያ ወዲህ ስለ ስደትና ስለ አገልግሎት በቤታችን ባወራን ቁጥር ይህ ካናዳዊ በወሬያችን መካከል ይገባል።

ሲሊንጀር በ1971 በካናዳ፣ በሳስካችዋን ግዛት፣ ሬጂና በምትባል ከተማ ተወለደ። በ1989 ዲትሮይት ከዓመቱ ወጣቶች መካከል በ11ኛ ተራ መረጠው። በዚህ ተራ የተመረጠ ልጅ ነገ የቡድኑ ምሰሶ ይሆናል ተብሎ ይጠበቃል። የሆነው ግን ሌላ ነው። ከዲትሮይት ወደ አናሃይም፣ ከዚያ ወደ ቫንኩቨር፣ ፊላዴልፊያ፣ ታምፓ ቤይ፣ ፍሎሪዳ፣ ኦታዋ፣ ኮሎምበስ፣ ፊኒክስ፣ ሴንት ሉዊስ፣ ናሽቪል፣ በመጨረሻም ወደ ኒው ዮርኩ አይላንደርስ ሄደ። አሥራ ሁለት ቡድን ማለት ነው። ኤን ኤች ኤል በሚባለው በታላቁ የሰሜን አሜሪካ ሊግ ይህን ያህል ማልያ የለበሰ ሌላ ተጫዋች የለም።

በዚህ ሊግ ውሉ ላይ የሚከለክል አንቀጽ ከሌለ ቡድኑ ተጫዋቹን ሳያማክር ወደ ሌላ ከተማ ሊሰጠው ይችላል። የዓመቱ ውድድር ከመጠናቀቁ ሳምንታት በፊት የዝውውር ቀነ ገደብ አለ፤ በዚያ ሰሞን ስልክ በጮኸ ቁጥር ልብ ይደነግጣል። የተጠራው ሰው ቶሎ ብሎ አውሮፕላን ይሳፈራል። ሚስትና ልጆች ብዙ ጊዜ ትምህርት እስኪዘጋ ይቀራሉ። ቤት መልቀቁ፣ ዕቃ ማሸጉ፣ ለልጆች አዲስ ሐኪምና አዲስ ትምህርት ቤት መፈለጉ በእርሷ ትከሻ ላይ ይወድቃል። (እዚህ ላይ ስንደርስ ሁልጊዜ ከሁለታችን የአንዷ ድምፅ ከፍ ይላል።)

በገንዘብ በኩል ማንም እንዳያዝንለት! በሚሊዮን የሚቆጠር ዶላር ተከፍሎታል። እኛን የገረመን ሌላ ነገር ነው። አንድ ሰው ይህን ያህል ጊዜ ከተሰጠ የማይፈለግ ሰው ነው ብለን ልናስብ እንችላለን። ነገር ግን በእያንዳንዱ ልውውጥ ውስጥ አንድ የሚሰጥ ቡድን ካለ አንድ የሚቀበል ቡድንም አለ። ሲሊንጀርን የሚቀበሉት ቡድኖች የሚያውቁለት ሙያ ነበረው። በሆኪ ጨዋታ በቆመ ቁጥር ዳኛው ፓክ የምትባለውን ጠፍጣፋ የጎማ ኳስ በሁለት ተጫዋቾች መካከል ይጥላታል፤ ቀድሞ በዱላው የሚስባት ሰው ለቡድኑ ጨዋታውን ያስጀምራል። ይህ በአንድ ግጥሚያ ውስጥ ብዙ አሥር ጊዜ ይደጋገማል፤ ማንም አያጨበጭብለትም። ሲሊንጀር በዚህ የታወቀ ነበር። ደግሞም ከቡድኑ አንድ ሰው አጥፍቶ ለሁለት ደቂቃ ሲቀጣ በጎደለ ሰው የሚከላከሉት መካከል ይገኛል። በዚህ ሁኔታ 1049 ጨዋታ ተጫውቶ 240 ጎል አገባ። ከሁሉ የበለጠ ያገባው በ34 ዓመቱ፣ በ2005 እና 2006 ውድድር ነው፤ 32 ጎል። ያን ዓመት ደግሞ በመካከሉ ከሴንት ሉዊስ ወደ ናሽቪል ተሰጥቶ ነበር። 22ቱን በአንዱ ከተማ፣ 10ሩን በሌላው አገባ።

ዋንጫ ግን አላነሳም። የስታንሊ ዋንጫን ያሸነፉ ሰዎች ስማቸው በብሩ ላይ ይቀረጻል፤ የእርሱ ስም የለም። ዲትሮይት ያሸነፈው በ1997፣ እርሱ ከሄደ ከሁለት ዓመት በኋላ ነው። ታምፓ ቤይ በ2004 አሸነፈ፤ እርሱ ከሄደ አራት ዓመት ሆኖታል። አናሃይምም በ2007 አሸነፈ። ዳሌው ተቀዶ በ2009 ጨዋታ ሲያቆም የለቀቃቸው ሦስት ቡድኖች ዋንጫውን ስመውታል።

እንግዲህ ይህን ሰው ይዘን ወደ ቤተ ክርስቲያናችን እንምጣ። በየዓመቱ መጀመሪያ በብዙ መድረኮቻችን የዓመቱ ቃል ይታወጃል። የከፍታ ዓመት ነው፣ የመሻገር ዓመት ነው፣ የመግባት ዓመት ነው ይባላል። እኛም በእነዚህ ጉባኤዎች ቆመን አሜን ብለናል። እግዚአብሔር ከፍ እንደሚያደርግ አንጠራጠርም። ጥያቄያችን ግን ዓመቱ ሲያልቅ ስላልተሻገሩት ነው። ለምስክርነት የሚጠራው የተሻገረው ብቻ ነው፤ ያልተሻገረው ወንድም ቀስ ብሎ ከኋላ ወንበር ይቀመጣል፤ ከዚያም ይቀራል። እንደ ሲሊንጀር ዘመኑን ሁሉ በደንብ ሠርቶ ዋንጫ ያላነሳ አማኝ በእኛ መድረክ ላይ ምን ብሎ ይመስክር?

ኤርምያስ 29 ለዚህ ሰው የተጻፈ ይመስለናል። 11ኛው ቁጥር በየቤታችን ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል፤ በሠርግ ካርድም በልደት ኬክም ላይ አይተነዋል። ምዕራፉ ግን ወደ ባቢሎን ለተማረኩ ሰዎች የተላከ ደብዳቤ ነው። ከእርሱ በፊት ያለውን ምዕራፍ 28ንም አንብቡ። ሐናንያ የሚባል ነቢይ በሁለት ዓመት ውስጥ ሁሉም ይመለሳል ብሎ ነበር። የሕዝቡ ጆሮ ወደ እርሱ ቢያደላ አይገርምም፤ ማን ሁለት ዓመትን ይጠላል? ኤርምያስ ግን የጻፈው ሰባ ዓመት ብሎ ነው። ሰባ ዓመት ማለት ደብዳቤው ሲነበብ ከሰሙት አዋቂዎች አብዛኞቹ ኢየሩሳሌምን ዳግመኛ አያዩአትም ማለት ነው። ታዲያ እነዚህ ሰዎች ምን ያድርጉ? ቤት ሥሩ፣ ኑሩበት፣ አትክልት ትከሉ፣ ልጆቻችሁን ዳሩ፣ ለተማረካችሁባት ከተማ ሰላም ጸልዩ ነው የሚላቸው። አትክልት የሚተክል ሰው ሻንጣውን አስሮ በር ላይ የሚጠብቅ ሰው አይደለም።

በዚሁ ምዕራፍ ያስተዋልነው ሌላም ነገር አለ። ቁጥር 1 ሕዝቡን ያፈለሰው ናቡከደነፆር እንደ ሆነ ይናገራል። ቁጥር 4 ላይ ደግሞ እግዚአብሔር ያፈለስኳችሁ እኔ ነኝ ይላል። ሁለቱም ተጽፏል። ንጉሡ ለራሱ ጥቅም ነው ያደረገው፤ ለሠራው ግፍ ከተጠያቂነት አያመልጥም። ሆኖም ሕዝቡ በንጉሡ እጅ ብቻ አልነበሩም። የቡድን ሥራ አስኪያጅ ስልክ ሲደውል የሚያየው ተከላካይ እንደሚያስፈልገው ብቻ ነው፤ ሁለት ወር ስለሆነው ሕፃን አያስብም። የእኛ አምላክ ግን ሕፃኑንም ያያል። ይህን ጽሑፍ የምታነቡና ስለ ጌታ ገና እየጠየቃችሁ ያላችሁ ካላችሁ፣ እኛ የምናመልከው ራሱ ከቤተ ልሔም ወደ ግብፅ የተሰደደውን፣ ኋላም ራሱን የሚያስጠጋበት ስፍራ እንዳልነበረው የተናገረውን ነው (ሉቃስ 9፥58)። ከቦታ ቦታ መነቀልን ከሩቅ ሆኖ አይደለም የሚያውቀው።

ይህን ሁሉ የምንጽፈው ጉዳዩ አሁን በቤታችን ስላለ ነው። በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ ይህች አራተኛ ከተማችን ናት። ባለፈው ኅዳር ከመሥሪያ ቤት ደብዳቤ መጣ፤ የኮሎምበሱ መጋዘን ይዘጋል፣ ሥራውን የሚፈልግ በሰኔ ወደ ሌላ ክፍለ ግዛት ይዛወር፣ የማይፈልግ ይሰናበት ይላል። ምርጫችንን አድርገናል፤ እንሄዳለን። በዚያው ሳምንት የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌዎች ከአሥር እስከ አሥራ ሁለት ዓመት ያሉትን ልጆች እንድናስተምር ጠየቁን። ስለ ደብዳቤው አልሰሙም ነበር። ነገርናቸው። እስከ ሰኔም ቢሆን አስተምሩ አሉን።

እሺ ስንል አንዲት የምናከብራቸው እናት ለብቻ ጠርተው ተቆጡን። "ልጆቹን አለማምዳችሁ ጥላችኋቸው ልትሄዱ ነው? ስንት አስተማሪ ሄደባቸው መሰላችሁ" አሉን። ይህ ንግግር ቀላል አይደለም። እነዚህ ልጆች የአገራቸው ቋንቋ ግማሽ፣ የዚህ አገር ቋንቋ ሙሉ የሆነላቸው ናቸው፤ ብዙዎቹ ቤት ቀይረዋል፣ አንዳንዶቹ አባት በሌላ ከተማ እየሠራ ነው የሚያድጉት። አንድ ሌሊት ሙሉ ተነጋገርንበት። ከሁለታችን አንዳችን እናቲቱ ልክ ናቸው፣ ሌላ ሰው ይፈለግ አለ። ሌላችን ደግሞ ሌላው ሰውስ ቋሚ ነው ወይ አለ። በእውነትም በኮሎምበስ ባሉት ወገኖቻችን መካከል በሚመጣው ዓመት እዚህ መሆኑን የሚያውቅ ስንት ነው? ቋሚ ሰው ብቻ ያገልግል ከተባለ የስደት ቤተ ክርስቲያን በሯን ትዝጋ። ለእናቲቱ ግን ስንሄድ ልጆቹ ባዶ ክፍል እንዳይጠብቃቸው እናደርጋለን ብለን ቃል ገባን፤ እርሳቸውም ቃላችንን ይዘው በየሳምንቱ ይጠይቁናል።

ስለ ሲሊንጀር ልጅ ሳንነግራችሁ እንዳንቀር። ሁለት ወር ሆኖት አባቱ ከኮሎምበስ የተላለፈበት ኮል አድጎ ሆኪ ተጫዋች ሆነ። በ2021 ወጣቶች ሲመረጡ 12ኛው ተራ የኮሎምበስ ነበር፤ ኮሎምበስም እርሱን መረጠው። ልጃችን ይህን ሲነግረን እግዚአብሔር ነው ያደረገው ወይ ብሎ ጠየቀን። ይህ ለእያንዳንዱ የተነቀለ ቤተሰብ የሚፈጸም ተስፋ እንዳይመስለው ተጠንቅቀን መለስንለት። ከባቢሎን ያልተመለሱትም የእግዚአብሔር ሰዎች ነበሩ አልነው።

ክፍሉ አሁን ዘጠኝ ልጆች አሉት። የጀመርነው ከሩት መጽሐፍ ነው። በሰኔ እንደምንሄድ በመጀመሪያው እሑድ ነገርናቸው፤ አንዷ ልጅ ከዚያ በኋላስ ማን ነው የሚያስተምረን አለች። አብራን የምታስተምር የሃያ ሁለት ዓመት እህት አለች፤ በየሦስተኛው እሑድ ትምህርቱን ሙሉ የምትመራው እርሷ ናት። የስም መዝገቡና የክፍሉ ቁልፍም ከወዲሁ በእርሷ እጅ ነው።