ጊዜን ስለሚመልስ ዋሽንት በድሬዳዋ የሰማነው

ለታኅሣሥ 19 ቀን የቅዱስ ገብርኤል በዓል ወደ ቁልቢ የሚጓዘው ምእመን ከየአቅጣጫው በሚጎርፍበት ሰሞን እኛም ከአዲስ አበባ ተነሥተን ድሬዳዋ ገባን። ከሐረርጌ ደጋ ወደ ቆላው በሚወርደው ጠመዝማዛ መንገድ ብርዱ ጥቂት በጥቂት እየተለየን ሄዶ፣ በመጨረሻ ጋቢያችንን አጥፈን ከጉልበታችን ላይ አኖርነው። ከተማዪቱም ከባሕር ወለል በላይ 1,200 ሜትር ያህል ከፍ ብላ፣ ከተራሮቹ ግርጌ ተዘርግታ ታየችን።

ድሬዳዋን የወለዳት ባቡር ነው። ከጅቡቲ የተነሣው ሐዲድ የሐረርን ተራራ መውጣት ስላዳገተው በ1895 ዓ.ም. ከዚህ ሜዳ ላይ ቆመ፤ ከተማም በዙሪያው ተቆረቆረ። ሐዲዱ አዲስ አበባ የደረሰው ከ14 ዓመት በኋላ በ1909 ዓ.ም. ነው። በከዚራ ዛፎች ጥላ ሥር ያገኘናቸው አረጋውያን እንዳጫወቱን፣ ቀድሞ የከተማው ሰዓት የባቡሩ ጩኸት ነበረ፤ ሠራተኛው የሚነሣው፣ ነጋዴው ሱቁን የሚከፍተው፣ እናቶችም ድስት የሚጥዱት እርሱን ሰምተው ነበር። በኤሌክትሪክ የሚሄደው አዲሱ ባቡር በ2010 ዓ.ም. አገልግሎት ጀመረ፤ ጣቢያው ግን ከከተማው ወጣ ብሎ ተሠርቷል። አሮጌው ጣቢያ የአዲስ አበባውን ባቡር መጠበቅ ከተወ ዓመታት አልፈውታል። ከአረጋውያኑ አንዱ፣ «ያን ጩኸት አንድ ጊዜ ብሰማው ወጣትነቴ የሚመለስልኝ ይመስለኛል» አሉን። እኛም ቃሉን እንደ ጨዋታ ሰምተን አለፍነው፤ በዚያው ምሽት ግን ነገሩ በሌላ መንገድ ወደ እኛ ተመልሶ መጣ።

ማደሪያችን ከደቻቱ ወንዝ አጠገብ በሚኖሩ በአንዲት እናት ቤት ነበረ። ደቻቱ ከተማውን ከዚራና መጋላ ብሎ ለሁለት የሚከፍል ወንዝ ነው፤ አብዛኛውን ዓመት ግን ውኃ የሌለበት የአሸዋ መንገድ ሆኖ ሰው በእግሩ ይሻገረዋል። ቡናው ተፈልቶ ሁላችንም በተሰበሰብንበት ጊዜ፣ የ12 ዓመት የልጅ ልጃቸው ከጓደኛው ቤት የተጫወተውን የቴሌቪዥን ጨዋታ ይተርክልን ጀመር። ጨዋታው በ1992 ዓ.ም. በጃፓን አገር የወጣ ነው። በዚያ ተረት ውስጥ ጨረቃ በ3 ቀን ወድቃ ከተማ ልታጠፋ ትቀርባለች፤ አንድ ልጅም ኦካሪና የሚባል ትንሽ ዋሽንት አለው፤ የጊዜን ዜማ በነፋበት ጊዜ ወደ መጀመሪያው ቀን ይመለሳል። ነገር ግን ዋጋ ይከፍላል፤ በ3ቱ ቀን የረዳቸው ሰዎች ሁሉ ይረሱታል፤ የሠራው መልካም ሥራም ለእነርሱ እንዳልተሠራ ይሆናል።

ልጁ ይህን ከነገረን በኋላ፣ «በእኛ አገርስ እንዲህ ያለ የዜማ ዕቃ ይገኛል?» ብሎ ጠየቀን። እኛ ፈገግ አልን፤ እናታችን ግን አልሣቁም።

«ልጄ፣ እንዲህ ያለ ዋሽንት ቢገኝ ከሁሉ ቀድሜ የምነፋው እኔ ነበርሁ» አሉ።

በ1998 ዓ.ም. በሐምሌ ወር መጨረሻ፣ ሰው ሁሉ በተኛበት ሌሊት፣ ከደጋው የወረደ ጎርፍ ደቻቱን ሞልቶ ወደ መኖሪያ ቤቶች ገባ፤ ከ200 በላይ ሰዎችም ሞቱ። የእናታችን ወንድ ልጅ ከእነርሱ አንዱ ነበረ። «በዚያ ምሽት ከእኔ ዘንድ እደር ብዬው ነበር፤ አልለመንሁትም እንጂ» አሉና ፊታቸውን በነጠላቸው ጫፍ ጠረጉ። አንዲት ሰዓት ብቻ ወደ ኋላ ብትመለስ ምን ያህል ነገር እንደሚለወጥ ያን ጊዜ ገባን።

ልጁ ግን እንደ ልጅነቱ፣ «እማማ፣ አሁን ቢሰጡሽስ ትነፊዋለሽ?» አላቸው።

እርሳቸውም ብዙ ዝም ብለው ቆይተው፣ «አጎትህን አገኘው ነበር» አሉ። «ነገር ግን ነገሩ አንተ እንዳልኸው ከሆነ፣ ከዚያ ሌሊት ወዲህ የመጣው ሁሉ ይታጠፋል። አንተ የተወለድኸው ከዚያ በኋላ ነው። እርሱን ፍለጋ ስሄድ አንተን ለማን ትቼህ ልሂድ?»

ከዚያ በኋላ በቤቱ ውስጥ የተናገረ አልነበረም።

በመጽሐፍ ጊዜ ወደ ኋላ የተመለሰበትን ምልክት ብንፈልግ፣ ለንጉሡ ለሕዝቅያስ ጥላው 10 ደረጃ መመለሱን እናገኛለን። ይህም የሆነው በነቢዩ በኢሳይያስ ጸሎት ነው እንጂ ሰው በእጁ በሚይዘው ዕቃ አይደለም። ዜማ በጊዜ ላይ ያለው ኃይል ግን ሌላ ነው። በ6ኛው መቶ ዓመት የነበረው ማሕሌታይ ቅዱስ ያሬድ ከዐፄ ገብረ መስቀል ፊት ሲዘምር፣ ንጉሡ በዜማው ተመስጦ የያዘውን ጦር በቅዱሱ እግር ላይ እንደ ተከለ፣ ዜማውም እስኪፈጸም ድረስ ሁለቱም እንዳላወቁ ይነገራል። ንጉሡ ደንግጦ የሚሻውን ሁሉ እንዲለምነው ቢነግረው፣ ቅዱሱ ቁስሉ እንዳልነበረ ይሁንልኝ አላለም፤ ወደ ስሜን ተራሮች ሄዶ በምናኔ ይኖር ዘንድ እንዲያሰናብተው ለመነ እንጂ። የቆሰለ እግሩን ይዞ ወደ ፊት ሄደ።

በበዓሉ ዋዜማ እናታችን ጉልበታቸው ስለ ደከመ ወደ ቁልቢ መውጣት አልቻሉም፤ እኛም ከእርሳቸው ላለመለየት ሌሊቱን በከተማው ቤተ ክርስቲያን ከማሕሌቱ ቆምን። መጀመሪያ ያለ ከበሮና ያለ ጸናጽል በቁም ዜማ ረጋ ብሎ ተባለ፤ ቀጥሎ በዝማሜ መቋሚያው ተወዛወዘ፤ በመረግድ ከበሮውና ጸናጽሉ ገቡ፤ በጽፋትም ጊዜ ፍጥነቱ ጨመረ፤ ጭብጨባውም ተከተለ። ዜማ ልብን ነጥቆ እንዳይወስድ ሥርዐቱ እንዲህ ደረጃ በደረጃ ይመራዋል።

ጎሕ ሲቀድ ልጁ ዐይኑን እያሻሸ፣ «ሌሊቱ ወዴት ሄደ?» አለን። ከጓደኛው ቤት በጨዋታው ፊት የተቀመጠ ጊዜም ሰዓቱ እንዲሁ ሳይታወቀው ያልፍ እንደ ነበር አያቱ ነግረውናል። የተወደዳችሁ አንባቢያን፣ ሁለቱም ድምፆች ሰዓትን ያስረሳሉ፤ ልጆቻችን ከየትኛው ዘንድ ሰዓታቸውን እንደሚያሳልፉ ማየት ግን የእኛ የወላጆች ፈንታ ነው።

ወደ ቤት ስንመለስ ደቻቱ ደረቅ ነበረ፤ አሸዋው ገና ከሌሊቱ ቅዝቃዜ አልተላቀቀም። እናታችን ከመካከሉ ሲደርሱ እንደ ልማዳቸው ቆመው አማተቡ፤ ስለ ልጃቸውም ነፍስ ጥቂት ጸለዩ። ከዚያም የልጅ ልጃቸውን እጅ ጠበቅ አድርገው ያዙና ተሻገሩ።