ሲንኩ ያፈሳል

«ዘ ግሬት ኢንዲያን ኪችን»ን ያየ ሰው ሲንኩን አይረሳውም። ሚስት ቧንቧ ሠራተኛ ጥራልኝ ትላለች፣ ባል ይዘነጋዋል፣ እጣቢው ከሥር ይንጠባጠባል። ባልና አባቱ አኝከው የተፉትን ጠረጴዛው ላይ ትተው ይነሣሉ፤ የምታነሣው እሷ ናት። ጂዮ ቤቢ በ2021 ያወጣው የማላያላም ፊልም ነው (ዓመቶቹን እንደ ፈረንጆቹ ቁጠሩልኝ)። እጣቢው በመጨረሻ ማን ላይ እንደሚደፋ ላላየ አልናገርም።

በቦምቤ ዘፈንና ዝናብ ላደግን ሰዎች የህንድ ፊልም እጣቢ ድረስ መውረዱ ግር ይላል። ማላያላም የሚናገሩትን የደቡብ ህንድ ኬረላዎች ጓዳ መግባት ማን አስተማራቸው? መጀመሪያ የጠረጠርሁት ዳይሬክተሩን አዱር ጎፓላክሪሽናንን ነበር። በ1981 «ኤሊፓታያም» ላይ ዘመን የጣለው የባላባት ልጅ አይጥ ባየ ቁጥር እኅቶቹን ይጠራል። ግን ከሱም በፊት፣ በ1954፣ «ኒላኩዪል» አለ፦ መምህሩ «አትነካም» ከምትባል ወገን የሆነችውን ሴት አስረግዞ ይክዳታል፤ ልጁን የሚያሳድገው ፖስተኛው ነው።

ስለዚህ እስከ ሥሩ ወረድሁ። የመጀመሪያው የማላያላም ፊልም የጄ. ሲ. ዳንኤል «ቪጋታኩማራን» ነው፤ ድምፅ የለውም። ሰውየው መሬቱን ሸጦ ነው የሠራው። ታዲያ መቼ ታየ? አንዱ ወገን 1928 ይላል፣ ሌላው 1930፤ ሁለቱም ወገን ጽፎ አይጠግብም። እኔን የሚያበሽቀኝ ይህ ነው። ከፊልሙ አንዲት ቅጂ አልተረፈችም፤ እነሱ ግን በሁለት ዓመት ይሟገታሉ!

ለኔ የሚያሟግተው ሌላ ነው። ተዋናይቷ ፒ. ኬ. ሮዚ ዳሊት፣ ማለትም «አትነካም» ከሚባለው ወገን፣ ነበረች፤ የተጫወተችው ግን ከፍ ካለው ወገን የናየር እመቤት ሆና ነው። በኬረላ ከተማ በትሪቫንድረም ፊልሙ ሲታይ ተመልካቹ ሸራው ላይ ድንጋይ ወረወረ። ፀጉሯ ላይ የሰካችውን አበባ ተዋናዩ ሲስም ነው የተነሣው ይባላል። እሷ ወደ ታሚል አገር ሸሸች፣ ዳግም ፊልም ላይ አልታየችም። የማላያላም ፊልም ከሀገሩ ጋር ጠቡን የጀመረው እንግዲህ ገና በመጀመሪያው ፊልሙ ነው። በዚያ ቀን ድንጋይ የወረወሩት ሰዎች የልጅ ልጆች በ2021 ሲንኩን አይተው ቢናደዱ አይገርመኝም።

የኬረላ መንግሥት በዳንኤል ስም የሰየመው ሽልማት ከ1992 ጀምሮ ይሰጣል። በሮዚ ስም የፊልም ማኅበር የተቋቋመው ግን በ2019 ነው፤ ያቋቋሙትም የፊልሙ ኢንዱስትሪ ሴቶች ናቸው።