ሁለት የልደት ቀን ያለው ጓደኛችን

በመኝታ ክፍላችን ውስጥ ሁለት ጊዜ የተወለደ ሰው አለ። እናቱ የወለደችው ኅዳር 3 ቀን 1995 ዓ.ም. ሲሆን፣ ይህም በአውሮፓ አቆጣጠር ኖቬምበር 12 ቀን 2002 መሆኑ ነው። ትራንስክሪፕቱን ያዘጋጀው የቀድሞ ትምህርት ቤቱ ጸሐፊ ግን በ1995 ላይ 8 ደምሮ 2003 ብሎ ጻፈለት። ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ ሦስተኛ ሳምንት የሚደመረው 7 እንጂ 8 አለመሆኑን የማያውቅ ያገራችን ጸሐፊ ይኖራል ብለን አስበን አናውቅም ነበር።

ነገሩ ያሣቅ ነበር፤ እኛም ስቀንበታል። ዳሩ ግን ጓደኛችን በውጭ አገር የትምህርት ዕድል ባገኘ ጊዜ ሣቁ ቀረ። ፓስፖርቱ 2002 ይላል፤ ትራንስክሪፕቱ 2003 ይላል። የዕድሉ ሰጪዎች ሁለቱን ወረቀቶች አስማምቶ እንዲልክ 3 ሳምንት ሰጡት።

ብቻውን ከሚንከራተት ብለን አብረነው ሄድን። ጸሐፊው መዝገቡን አውጥቶ አሳየን፤ በአንደኛ ክፍል የተጻፈው «ኅዳር 3 ቀን 1995» ቁልጭ ብሎ ይታያል። «መዝገቡ ትክክል ነው» አለን። «እንግዲያው ወረቀቱን አስተካክሉልን» ብንል፣ «አንዴ የወጣ ወረቀት ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ አይነካም» አለ። የልደት ምስክር ወረቀቱን ብናሳየው ደግሞ፣ «ይህ ያምና ነው፤ የኛ ይቀድመዋል» ብሎ መለሰልን። ፍርድ ቤቱም ቀጠሮ ሰጠ። ቀጠሮው ከ3ቱ ሳምንት በኋላ ነው።

«ያምና ነው» የሚለው ቃል አናደደን። ለመሆኑ ከኛ መካከል በተወለደ ዕለት የተመዘገበ ማን ነው? ገሚሶቻችን ትምህርት ቤት የገባነው እጃችንን በራሳችን ላይ አሻግረን ጆሮአችንን በመንካታችን ነው፤ የነካ ደረሰ፣ ያልነካ ለከርሞ ይመለሳል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕጋችን ልደት በክብር መዝገብ እንዲጻፍ ደንግጎ ነበር። ነገር ግን ያው ሕግ በ3361ኛው ቁጥሩ፣ የመዝገቡ ሥራ የሚጀመርበት ቀን ወደፊት በትእዛዝ ይወሰናል ብሎ አሳደረው። አዳሩም ረዘመ፤ አዋጅ ቁጥር 760 የወጣው በ2004፣ ምዝገባው በአገር ደረጃ የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. ነው። ያን ጊዜ ጓደኛችን የ13 ዓመት ልጅ ነበር።

ማታ ክርክር ተነሣ። ሕግ የሚያጠናው ባልንጀራችን፣ «ለትራንስክሪፕቱ ገንዘብ ከፍለን ደረሰኝ ይዘናል። በ2006 የወጣው አዋጅ ቁጥር 813 ዋጋ ከፍሎ አገልግሎት የሚገዛውን ሰው ሸማች ይለዋል። ስለዚህ የተበላሸ ዕቃ እንደ ገዛ ሰው እንክሰስ» አለ። ሐሳቡ አዲስ አይደለም። በሕንድ አገር በ1986 (በአውሮፓ አቆጣጠር) የሸማቾች ሕግ ከወጣ ወዲህ፣ ተማሪዎች የፈተና ቦርዶችን በሸማቾች ችሎት ሲከሱ ኖረዋል። አንዱ ክስ ከቢሃር ተነሥቶ እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ደረሰ። ለሁለት ተማሪዎች አንድ የፈተና ቁጥር ተሰጥቶ፣ የአንደኛው ውጤት ሳይወጣ ቀርቶ ነበር። ፍርድ ቤቱ በ2009 ሲፈርድ፣ ቦርዱ አገልግሎት ሻጭ አይደለም፣ ተማሪም ሸማች አይደለም፣ የፈተናውም ክፍያ ለመፈተን መብት የሚከፈል ነው አለ። የሸማቾቹ ችሎት የፈረደለትም ካሣ ተሻረ።

ገሚሶቻችን ፍርዱን ደገፍን፤ ዕውቀት እንደ ሳሙና በሱቅ መደርደሪያ ላይ ይቀመጥ የሚል ተማሪ የለምና። ቢሆንም አንድ ነገር ከነከነን። የተቃጠለ አምፑል የገዛ ሰው ባለሱቁን መልስልኝ ይለዋል፤ እኛ የተሳሳተ ዕድሜ ይዘን ማንን እንላለን? ያው የሕንድ ፍርድ ቤት በ2021 ስለ ማዕከላዊው የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቦርድ ሲፈርድ፣ ቦርዱ ምስክር ወረቀቱን ከትምህርት ቤቱ መዝገብ ጋር እንዲያስማማ ሲጠየቅ እምቢ ሊል እንደማይገባ ተናገረ። በእኛ ግምት ቁም ነገሩ ይህ ነው፦ መዝገቡ ትክክል ከሆነ፣ የገልባጭን ስሕተት ገልባጩ ራሱ ያርመው። ለ8 እና ለ7 ልዩነት ዳኛ ምን ያደርጋል?

3ቱ ሳምንት አለፈ። ዕድሉም ለሌላ ሰው ተሰጠ። ጓደኛችን ግን ክሱን አልተወም፤ ለሚመጣው ዓመት እንደገና አመለክታለሁ ይላል። ቀጠሮው ለጥር 14 ቀን ነው፤ መዝገቡን የሚያመጣው ጸሐፊም መጥሪያ ደርሶታል። እኛም ከክፍል ቀርተን አብረነው እንሄዳለን።